ስፒኒንግ ሪል ፈትቶ ማጽዳት፦ ዘይቱ የት፣ ግሪሱ የት

አብዛኛው የዓሣ ማጥመጃ ሪል፣ ማለትም ክሩን የሚጠነጥነው መሣሪያ፣ በሥራ ብዛት አይበላሽም። የሚያበላሸው ወይ ውስጡ የገባ ጨውና አሸዋ ነው፣ ወይ ባለቤቱ ለደግ ብሎ ያለቦታው የቀባው ግሪስ ነው። ከውጭ ሲታይ ንጹሕ የሆነ ሪል ሲፈታ፣ አንዱ ቦታ በግሪስ ታፍኖ ሌላው ደርቆ ዝጎ ማግኘት የተለመደ ነው። ስለዚህ ከመፍታት በፊት መታወቅ ያለበት የትኛው ቦታ ምን እንደሚፈልግ ነው። እሱ ከገባችሁ የሪሉ ስምና መጠን ቢለያይም ሥራው ያው ነው። እዚህ የምጽፈው ስለ ስፒኒንግ ሪል ነው፤ ከማጥመጃው ዘንግ ሥር ስለሚንጠለጠለውና የሽቦ ቅስት፣ ማለትም ቤይል፣ ስላለው። ሌላውን ዓይነት፣ ከዘንጉ በላይ የሚቀመጠውንና ስፑሉ ራሱ የሚዞረውን ቤይትካስተር፣ ወደ መጨረሻው አነሳዋለሁ።

መጀመሪያ የዕለቱን እጥበት እንጨርስ። ከውኃ ስትመለሱ የድራጉን ቁልፍ አጥብቁት። ድራግ ማለት ዓሣው ሲጎትት ክሩን በልክ የሚለቀው ፍሬን ነው፤ ከጠበቀ ውኃ ወደ ሮንዴላዎቹ አይገባም። ከዚያ ለብ ባለ ወይም ቀዝቃዛ ንጹሕ ውኃ ከላይ ቀስ ብላችሁ አርከፍክፉበት። ሙቅ ውኃ ግሪሱን ስለሚያቀጥነው አይሆንም። ግፊት ያለው የቧንቧ ውኃም አይሆንም፤ ጨውና አሸዋውን አጥቦ በማውረድ ፈንታ ክሩ በሚጠነጠንበት ስፑል ሥርና በማዞሪያው ዙሪያ ወደ ውስጥ ይገፋዋል። ባልዲ ውስጥ መዝፈቅማ ጨርሶ መተው አለበት፤ በጠባብ ክፍተት የገባ ውኃ በዚያው ክፍተት ተመልሶ አይወጣም። ካጠባችሁ በኋላ አራግፉት፣ በጨርቅ ጥረጉት፣ ስፑሉን አውጥታችሁ ለየብቻ ጥላ ውስጥ አድርቁት። ሲደርቅ ድራጉን አላሉት። ድራጉ ጠብቆ ለወራት የተቀመጠ ሪል ሮንዴላዎቹ ተጨፍልቀው ይጣበቃሉ፤ ከዚያ ዓሣው ሲጎትት ክሩ መጀመሪያ ይይዝና ድንገት ይለቃል። ብዙ ክር የሚበጠሰው በዚያች ቅጽበት ነው።

አሁን ወደ መፍታቱ። ግን ከመፍታታችሁ በፊት ሪሉን በእጃችሁ አድምጡት። ይህችን ደረጃ ብዙ ሰው ይዘላታል፤ እኔ ግን ከጽዳቱ እኩል ዋጋ እሰጣታለሁ፣ ምክንያቱም ከተፈታ በኋላ ችግሩ የት እንደነበረ የሚነግራችሁ የለም። ማዞሪያውን በጣም ቀስ ብላችሁ አዙሩና የሚሻክረው ስንት ጊዜ እንደሚመላለስ ቁጠሩ። ሪሉ 5.2 ለ 1 ከሆነ ማዞሪያው አንድ ጊዜ ሲዞር ሮተሩ፣ ማለትም ቤይሉን ተሸክሞ በስፑሉ ዙሪያ የሚሽከረከረው ክፍል፣ 5.2 ጊዜ ይዞራል። ሻካራው በማዞሪያው አንድ ዙር አንዴ ብቻ፣ ያውም ሁልጊዜ አንድ ቦታ ላይ የሚመጣ ከሆነ፣ ችግሩ ከማዞሪያው ጋር የሚዞረው ባለ ጥርስ ጎማ፣ ማለትም ትልቁ ጥርስ ላይ ወይም እሱን ከግራና ከቀኝ የያዙት ኩሽኔታዎች ላይ ነው። በአንድ ዙር አምስት ጊዜ ያህል የሚንቀጠቀጥ ከሆነ ደግሞ በትልቁ ጥርስ የሚዞረው ትንሹ ጥርስ፣ ማለትም ፒኒየኑ፣ የፒኒየኑ ኩሽኔታ ወይም የሆነ ቦታ የሚነካ ሮተር ነው። ስፑሉ ከፍ ብሎ ወይም ዝቅ ብሎ ጫፍ ሲደርስ ብቻ የሚከብድ ከሆነ፣ ስፑሉን ከፍ ዝቅ የሚያደርገውን ተንሸራታች እና ዋናውን ዘንግ ተመልከቱ፤ ዘንጉ ተጣሞ ሊሆን ይችላል። ባዶውን ሲዞር ለስላሳ ሆኖ ክብደት ሲጎትት ብቻ የሚያንገጫግጭ ከሆነ ጥርሶቹ ተበልተዋል፣ ጽዳት አያድነውም። የሚጮኸው ክሩ ሲጠነጠን ብቻ ከሆነ ሪሉን መፍታትም ላያስፈልግ ይችላል፤ የክሩ ሮለር፣ ማለትም ቤይሉ ጫፍ ላይ ክሩ የሚታጠፍበት ትንሽ ተሽከርካሪ፣ ነው።

ለሥራው የሚበቃው ይህ ነው፦ ከብሎኖቹ ጋር በትክክል የሚገጥም ካቻቢቴ፣ ለሮተሩ ዳዶ የሚሆን ቁልፍ፣ ወረንጦ፣ አሮጌ የጥርስ ብሩሽ፣ የጆሮ ጥጥ፣ ላምባ፣ አልኮል፣ የሪል ግሪስ፣ የሪል ዘይት። ካቻቢቴው ላይ አትለግሙ። በጃፓን ሪሎች ላይ ያለው የመስቀል ብሎን ከተለመደው የመስቀል ካቻቢቴ ጋር ሙሉ በሙሉ አይገጥምም፤ ጫፉ ይንሸራተትና የብሎኑን ራስ ይበላዋል። ራሱ የተበላ ትንሽ ብሎን አሉሚኒየም ውስጥ ዝጎ ከተገኘ የቀኑ ሥራ እዚያው ያበቃል።

ጠረጴዛው ላይ ነጭ ጨርቅ አንጥፉ። የእንቁላል ካርቶን አዘጋጁና የወጣውን ሁሉ በወጣበት ቅደም ተከተል እያንዳንዱ ጉድጓድ ውስጥ አስቀምጡ። በየደረጃው በስልክ ፎቶ አንሡ፣ በተለይ ክፍሉ ገና ከመነሣቱ በፊት፣ የሮንዴላው የትኛው ፊት ወደ ላይ እንደሆነ እንዲታይ አድርጋችሁ። ሞላ ያለበትን ክፍል፣ ለምሳሌ የቤይሉን ክንድ፣ ግልጽ ፕላስቲክ ከረጢት ውስጥ እጃችሁን አስገብታችሁ ፍቱት። ሞላው ሲፈናጠር ከረጢቱ ውስጥ ይቀራል።

አፈታቱ ከላይ ወደ ታች ነው። የድራጉን ቁልፍ ፈትታችሁ ስፑሉን አንሡ። ዘንጉ ላይ የሚቀሩትን ቀጫጭን የፕላስቲክ ሮንዴላዎች ቁጠሩ። እነሱ የስፑሉን ከፍታ ይወስናሉ፦ አንድ ብትጨምሩ ስፑሉ ከፍ ይልና ክሩ ወደ ሥር ይከማቻል፣ አንድ ብትቀንሱ ወደ ከንፈሩ ይከማቻል። ክሩ እኩል የማይጠነጠን ሪል ካላችሁ መፍትሔው ብዙ ጊዜ እዚያው ነው። ከዚያ ማዞሪያውን አውጡ። አንዳንዱ በሌላኛው ጎን ባለ ብሎን ይያዛል፤ አንዳንዱ ራሱ ብሎን ሆኖ የሚገባ ነው፣ እሱን ወደ ኋላ ማዞር ይበቃል።

ቀጥሎ የሮተሩ ዳዶ ነው። ብዙ ጊዜ ዳዶው እንዳይላላ የምትጠብቀው ትንሽ ሳህንና አንዲት ደቃቅ ብሎን አለች፤ መጀመሪያ እሷን። ዳዶው እምቢ ካለ ኃይል ከመጨመራችሁ በፊት ወደ ሌላው አቅጣጫ ሞክሩት፤ በአንዳንድ ሪሎች ጥምዝምዙ የተገለበጠ ነው። ሮተሩ ሲነሣ ወደ ኋላ መዞርን የሚከለክለው ኩሽኔታ፣ ማለትም የፀረ-ኋላ ኩሽኔታው፣ ይታያል። ይህ ክፍል ውስጡ ደቃቅ ሲሊንደሮችና ከፀጉር ያልተሻሉ ሞላዎች አሉት፤ ቀስ ብላችሁ ከነቤቱ እንዳለ አንሡት እንጂ አትበትኑት። መካከሉ ላይ ያለችው ቱቦ ተንሸራታ እንዳትወድቅ በጣት ያዟት።

የጎኑን ክዳን የያዙት ብሎኖች ርዝመታቸው አንድ አይደለም። ረጅሙ በአጭሩ ቦታ ከገባ አካሉን ይሰነጥቃል፣ ስለዚህ የየትኛው ቀዳዳ እንደሆኑ ምልክት አድርጉ። ሁሉንም ፈትታችሁ ክዳኑ አልነሣ ካለ በካቻቢቴ አትፈልቅቁ፤ ከኋላ በኩል ባለው የጌጥ ሽፋን ሥር የተደበቀ አንድ ብሎን ይኖራል። ክዳኑ ሲነሣ ትልቁ ጥርስ ተነሥቶ ይወጣል። እዚህ ላይ ቆም በሉ፦ በጥርሱና በኩሽኔታው መካከል ከወረቀት የማይወፍር ሮንዴላ ሊኖር ይችላል። በግሪሱ ተጣብቆ ኩሽኔታው ላይ ይቀርና በላምባ ሲታጠብ ይጠፋል። ሁለቱ ጥርሶች ምን ያህል ተጠግተው እንደሚነካኩ የሚወስነው እሱ ነው፤ ከጠፋ ሪሉ ምንም ቢጸዳ እንደ ቀድሞው አይዞርም። ከዚያ የተንሸራታቹን ብሎን ፍቱ፣ ዘንጉን ከፊት ሳቡት፣ ፒኒየኑን አውጡ።

አሮጌውን ግሪስ ከመጥረጋችሁ በፊት ቀለሙን እዩ። ጠቁሮ ከሆነ ብረት እየተፋቀ ነው። ወተት መስሎ ከነጣ ውኃ ገብቷል። አረንጓዴ ካለ ናሱ እየዛገ ነው፣ ነጭ ዱቄት ካለ አሉሚኒየሙ ወይም ዚንኩ በጨው እየተበላ ነው። በጣትና በጣት መካከል ስታሹት የሚንቋቋ ከሆነ አሸዋ አለበት፣ እሱ ደግሞ ለጥርሶቹ እንደ ብርጭቆ ወረቀት ነው። የዚያን ጊዜ ከላይ አዲስ ግሪስ መጨመር ጥፋቱን ማባባስ ነው፤ ሁሉም ወጥቶ መታጠብ አለበት።

መጀመሪያ ግሪሱን በሶፍትና በጥጥ ጥረጉ፤ ከዚያ የብረቱን ክፍል ላምባ ውስጥ በብሩሽ እጠቡ። የጥርሶቹን ሥር አንድ በአንድ ሂዱበት፣ አሸዋው የሚሸሸገው እዚያ ነው። የፕላስቲኩን ክፍል በለብ ያለ ውኃና በዕቃ ማጠቢያ ፈሳሽ ሳሙና እጠቡ። አሴቶን ፕላስቲክና ቀለም ስለሚያቀልጥ አይቅረብ። ቤንዚን ያጸዳል፣ ግን ትነቱ በትንሽ ብልጭታ ይቀጣጠላል፤ ላምባው ሥራውን ስለሚሠራ አያስፈልግም። ላምባም ቢሆን በር ተከፍቶ፣ እሳት በሌለበት ነው።

ኩሽኔታ ሲታጠብ ሁለቱን ጎን ተመልከቱ። የብረት ሽፋኑ በቀጭን የሽቦ ቀለበት የተያዘ ከሆነ ቀለበቱን በመርፌ ጫፍ አንሥታችሁ ሽፋኑን ማውጣት ይቻላል። ካልሆነ ከነሽፋኑ አልኮል ውስጥ አንቀርቅቡት፣ ፈሳሹ ጥርት ብሎ እስኪወጣ ደጋግማችሁ ቀይሩለት። በደንብ ሲደርቅ እርሳስ ጫፍ ላይ ሰክታችሁ በጣት አዙሩት። ለስላሳ ሆኖ ቀስ እያለ ከቆመ ደህና ነው። እየተንገጫገጨ በድንገት ከቆመ ውስጡ ተቦርቡሯል፤ ዘይት ለአንድ ሳምንት ድምፁን ይደብቀዋል እንጂ አያድነውም፣ ቀይሩት። ሲገዛ የሚጠየቀው ሦስት ቁጥር ነው፦ የውስጥ ስፋት፣ የውጭ ስፋትና ውፍረት በሚሊ ሜትር፣ ለምሳሌ 3×10×4። የደረቀ ኩሽኔታ በኮምፕሬሰር አየር አታሽከርክሩ፤ ያለ ዘይት በዚያ ፍጥነት ሲዞር ኳሶቹ ራሳቸውን ይጎዳሉ።

ወደ ቅባቱ ስንመጣ፣ ብረት ከብረት ጋር በኃይል የሚፋጭበት ቦታ ግሪስ ይፈልጋል፦ ትልቁ ጥርስ፣ ፒኒየኑ፣ ተንሸራታቹ፣ እንዲሁም የትልቁ ጥርስ ኩሽኔታዎች። መጠኑ 2500 ለሆነ መለስተኛ ሪል ትልቁ ጥርስ የሚፈልገው የአተር ፍሬ የሚያህል ግሪስ ነው። በትንሽ ብሩሽ ጥርሶቹ ሁሉ እስኪያብረቀርቁ ቀቡት፤ በጥርሶቹ መካከል ያለው ክፍተት ሞልቶ መታየት የለበትም። የተረፈው ግሪስ ሲዞር ወደ ዳር ይፈናጠራል፣ ማዞሪያውን ያከብደዋል፣ ከሁሉ የከፋው ደግሞ በፒኒየኑ ዙሪያ ወደ ላይ እየወጣ የፀረ-ኋላ ኩሽኔታው ውስጥ መግባቱ ነው። ውኃ የማያጥበው የጀልባ ግሪስ ለጨዋማ ውኃ ሪል እመርጣለሁ። የመኪና ጎማ ኩሽኔታ ግሪስ ለትልቅ ሪል ይሆናል፣ ትንሹን ሪል ግን ያደነዝዘዋል። ዋናውን ዘንግ በጣታችሁ የቀረውን ግሪስ አስነኩት፤ ያ ይበቃዋል።

በቀላሉ በፍጥነት የሚዞር ቦታ ደግሞ ዘይት ይፈልጋል፦ የክሩ ሮለር፣ የማዞሪያው ጉብ፣ የቤይሉ መታጠፊያዎች። ለእያንዳንዱ አንድ ጠብታ፣ ከዚያ በላይ አይደለም። የምግብ ዘይት ፈጽሞ አትጠቀሙ፤ ከአየር ጋር ሲቆይ ወደ ሙጫነት ይቀየራል። ደብሊው ዲ-40 የተባለው የሚረጭ ፈሳሽ ውኃን ለማስወጣትና የዛገን ለማላቀቅ ጥሩ ነው፣ ነገር ግን ቶሎ ተንኖ ስለሚጠፋና ያለውን ግሪስም ስለሚያጥብ በዘይት ቦታ አይቆምም።

የፀረ-ኋላ ኩሽኔታው ምንም አይፈልግም ቢባል ይቀላል። ሲሊንደሮቹ የሚይዙት ቱቦውን በመቆንጠጥ ነው፤ ግሪስ ከገባ ይንሸራተታሉ፣ ትልቅ ዓሣ ሲጎትት ማዞሪያው ወደ ኋላ ተስፈንጥሮ ጣት ይመታል። በአልኮል አጥባችሁ በደንብ ካደረቃችሁት በኋላ በጣም ቀጭን ዘይት በመርፌ ጫፍ ነክታችሁ፣ ትርፉን ጠርጋችሁ መልሱት። ማዞሪያው አንዳንዴ ይዞ አንዳንዴ የሚለቅ ሪል ከመጣላችሁ ይህን ኩሽኔታ ማጠብ ብቻ አብዛኛውን ጊዜ ይፈውሰዋል።

በሪሉ ላይ ከሁሉ የሚረሳውና ከሁሉ የሚሠራው የክሩ ሮለር ነው። የሚጠነጠነው ክር ሁሉ ውኃና ጨዉን ይዞ በእሱ ላይ ይታጠፋል። ሲቆም ክሩ አንድ ቦታ ላይ እየተፋቀ ጭረት ያወጣበታል፣ ክሩም ይጠማዘዛል። የሚሠራ መሆኑን ለማየት በጣት አትግፉት፤ የክር ቁራጭ አሳልፋችሁ በሁለት እጅ ወዲያና ወዲህ ሳቡት፣ ሮለሩ ከክሩ ጋር መዞር አለበት። ካልዞረ የክንዱን ብሎን ፈትታችሁ ሮለሩን፣ ኩሽኔታውንና ሮንዴላዎቹን በቅደም ተከተል አውጡ፣ እጠቡ፣ አንድ ጠብታ ዘይት። በጨዋማ ውኃ የሚሠራ ሰው ይህን በየጥቂት ሳምንቱ ቢያደርግ ሌላውን ሁሉ በዓመት አንዴ ቢያደርገው አይከፋም። ከዚያው ሳትነሡ ጥጥ በሮለሩ ፊትና በስፑሉ ከንፈር ዙሪያ ጎትቱ። ጥጡ የሚያዝበት ቦታ ካለ ክሩንም ይቆርጣል። ስፑሉ ላይ ያለውን ትንሽ ጭረት በ1000 ወይም ከዚያ በላይ በሆነ እርጥብ የብርጭቆ ወረቀት ማለስለስ ይቻላል፤ ሮለሩ ከተቦረቦረ ግን ይቀየር።

ድራጉን ለመፍታት ከስፑሉ አናት ላይ ያለውን የሽቦ ቀለበት በወረንጦ አውጡ። ሮንዴላዎቹ ተደራራቢ ናቸው፦ ከስፑሉ ጋር የሚዞር ብረት፣ ከዘንጉ ጋር የሚቆም ብረት፣ በመካከላቸው የሚፋተግ ሮንዴላ። በክር ላይ በቅደም ተከተላቸው ሰክታችሁ አስቀምጧቸው። የሚፋተገው ከሱፍ ጨርቅ የተሠራ ከሆነ ደርቆ ሲቀር ይንቀጠቀጣል፤ የድራግ ግሪስ አጠጡትና ትርፉን ጭመቁት። ካርቦን ከሆነ ደረቁንም ይሠራል፤ ቀጭን የድራግ ግሪስ ቀብታችሁ ወዝ ብቻ እስኪቀር ብትጠርጉት ግን አጀማመሩ ይለሰልሳል፣ ውኃም ይከላከላል። ተራ ግሪስ በሙቀት ስለሚቀልጥ ለድራግ አይሆንም። ብረቶቹ ላይ ዝገት ካለ የብርጭቆ ወረቀቱን መስታወት ላይ ዘርግታችሁ ብረቱን በክብ እያዞራችሁ እሹበት፤ ወረቀቱን በእጅ ይዞ መፈተግ ብረቱን ወጣ ገባ ያደርገዋል። የተጣመመ ብረት ይጣላል።

ሲገጠም በፎቶው ተመለሱ። እያንዳንዱን ብሎን መጀመሪያ ወደ ኋላ አዙሩት፣ ቀጭ ብሎ ቦታው ሲገባ ከዚያ አጥብቁት፤ እንዲህ ካልሆነ ለስላሳው አካል ውስጥ አዲስ ጥምዝምዝ ይቆርጣል። ጥምዝምዙ ላይ ትንሽ ግሪስ ካስነካችሁት በሚቀጥለው ጊዜ ሳይዝግ ይፈታል። ክዳኑን ከዘጋችሁ በኋላ ሮተሩን ሳትገጥሙ አዙሩት። እዚህ ላይ ከከበደ ወይ ሮንዴላ ቦታውን ስቷል፣ ወይ የክዳኑ ብሎኖች እኩል አልጠበቁም። ሮተሩን ገጥማችሁ ከከበደ ደግሞ ችግሩ ከላይ ነው።

ድራጉን ለመፈተን ሚዛን የሌለው ሰው የውኃ ጠርሙስ ይጠቀም፤ አንድ ሊትር ውኃ አንድ ኪሎ ነው። ድራግ የሚስተካከለው ክሩ ከሚሸከመው ሩብ እስከ ሲሶ ባለው ነው፣ ስለዚህ ለ6 ኪሎ ክር ከ1.5 እስከ 2 ኪሎ። ባለ ሁለት ሊትር ጠርሙስ ሞልታችሁ በክሩ እሰሩ፣ ሪሉን ከፍ አድርጋችሁ ያዙ፣ ድራጉን ቀስ እያላችሁ አላሉት። ጠርሙሱ ሳይንቀጠቀጥ እንደጀመረ በእኩል ፍጥነት መውረድ አለበት። ደረጃ በደረጃ እየዘለለ ከወረደ ሮንዴላዎቹ ላይ ቆሻሻ ወይም ጥምመት ቀርቷል። ክሩን መልሳችሁ ስትጠነጥኑ ከከንፈሩ 2 ወይም 3 ሚሊ ሜትር ዝቅ ብሎ ይቁም፤ ብሬይድ፣ ማለትም ከቀጫጭን ክሮች የተጎነጎነ ክር፣ ከሆነ ከሥሩ ጥቂት ናይለን አስቀድሙ፣ አለበለዚያ ሙሉው ጥንጥን ስፑሉ ላይ ይንሸራተትና ድራጉ የተበላሸ ይመስላችኋል።

ቤይትካስተር ላይ ልዩነቱ ሦስት ነገር ነው። የስፑሉ ኩሽኔታዎች ቀጭን ዘይት አንድ ጠብታ ብቻ ይፈልጋሉ፤ ግሪስ ውርወራውን ያሳጥረዋል። የፍሬኑ ትናንሽ ፕላስቲኮችና የሚነኩት ቀለበት ደረቅና ንጹሕ ይሁኑ። ክሩን ከግራ ወደ ቀኝ የሚያመላልሰውን ጥምዝምዝ ዘንግ በብሩሽ አጽድታችሁ በዘይት አርጥቡት፤ በውስጡ የምትሄደው ጥፍር ጫፏ ከተበላ ክሩ በአንድ ጎን መቆለል ይጀምራል፣ እሷን ብቻ መቀየር ይበቃል።

ዳይዋ የተባለው ሪል አምራች ማግሲልድ የሚላቸውን ሪሎች በዚህ መንገድ አትፍቱ። ውኃ የሚከለክለው በማግኔት የተያዘ ልዩ ዘይት ነው፤ ክፍሉ ሲፈታ ወይም ሌላ ዘይት ሲጨመርበት መከላከያው ይጠፋል። እነሱ ወደ ጠጋኙ ይሂዱ።

ሪሉ ሙሉ በሙሉ ጨዋማ ውኃ ውስጥ ከገባ ግን የዓመቱን ጊዜ አትጠብቁ። በንጹሕ ውኃ አጥባችሁ ያንኑ ዕለት ክፈቱት። በዚያ ቀን መፍታት ካልቻላችሁ ስፑሉን፣ ማዞሪያውንና የሮለሩን ብሎን ብቻ አውጥታችሁ አየር ያግኝ፤ ቢያንስ ሮለሩና የማዞሪያው ኩሽኔታ ዝገው ከመያያዝ ይድናሉ።